ስለ ዮሃን ሪተርና ስላገኘው የማይታይ ብርሃን ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

አራት ኪሎ አካባቢ ተማሪዎችን ፊዚክስ አስጠናለሁ። ስለ ብርሃን በተነሳ ቁጥር ስሙን ሳልጠራ የማላልፈው አንድ ሰው አለ። ልጆቹ ኒውተንንና አንስታይንን ያውቃሉ። የዚህን ሰውዬ ስም ስጠራ ግን "ማን ነው ደግሞ እሱ?" ይሉኛል። የሚጠይቁኝ ነገር ዓመት ከዓመት ስለማይለወጥ እዚህ ላስፍረው ብዬ ነው።

ሪተር ማን ነው?

ዮሃን ቪልሄልም ሪተር ጀርመናዊ የፊዚክስ ሰው ነው። የተወለደው እ.ኤ.አ. ዲሴምበር 16 ቀን 1776 ሲሌዥያ ውስጥ፣ ሳሚትዝ በምትባል መንደር ነው። ቦታው ዛሬ ፖላንድ ውስጥ ይገኛል። አባቱ የፕሮቴስታንት ቄስ ነበሩ። ልጁ በ14 ዓመቱ መድኃኒት ቤት ገባ። ለመግዛት አይደለም፣ ቅመማ ለመማር። እ.ኤ.አ. በ1796 ትንሽ የውርስ ገንዘብ ደረሰችውና ዬና ወደምትባለው የዩኒቨርሲቲ ከተማ ሄደ።

ዋና ፍቅሩ ኤሌክትሪክ ነበር። አልትራቫዮሌት ጨረርን፣ ማለትም ከሐምራዊው ቀለም ወዲያ ያለውን የማይታይ ብርሃን፣ ያገኘው በመሀል ነው ማለት ይቻላል። ያኔ 24 ዓመቱ ነበር። በ33 ዓመቱ ሞተ። ሙሉ ታሪኩ በእነዚህ ጥቂት ዓመታት ውስጥ የታጨቀ ነው።

አልትራቫዮሌትን እንዴት አገኘው?

መነሻው የሌላ ሰው ሥራ ነው። እ.ኤ.አ. በ1800 እንግሊዝ አገር የሚኖረው የከዋክብት ተመራማሪ ዊሊያም ኸርሼል የፀሐይን ብርሃን በፕሪዝም (ብርሃንን በየቀለሙ በሚለይ ባለ ሦስት ማዕዘን መስታወት) በትኖ በየቀለሙ ላይ ቴርሞሜትር አስቀመጠ። ከቀዩ ቀለም ወጣ ብሎ፣ ዓይን ምንም በማያይበት ቦታ ላይ ያስቀመጠው ቴርሞሜትር ከሁሉም በላይ ሞቀ። ዛሬ ኢንፍራሬድ የምንለው ይሄ ነው።

ወሬው ዬና ደረሰ። ሪተር፣ እንደ ብዙ የዘመኑ ጀርመኖች፣ ተፈጥሮ ሁሌም ጥንድ ናት ብሎ ያምን ነበር። ማግኔት ሁለት ጫፍ አለው። ባትሪም እንደዚያው። ብርሃን በቀዩ ጫፍ የተደበቀ ነገር ካለው በሐምራዊው ጫፍስ ለምን አይኖረውም? ልብ በሉ፣ ይሄ ማስረጃ አይደለም። እምነት ነው። አንድ ተማሪ ፈተና ላይ እንዲህ ብሎ ቢጽፍልኝ ዜሮ ነው የምሰጠው።

ግን ሪተር በማመን ብቻ አላበቃም፣ ሞከረው። በሐምራዊው በኩል ቴርሞሜትር ብዙም አይጠቅምም። ሌላ መለኪያ ያስፈልጋል። እዚህ ላይ የመድኃኒት ቤቱ ልጅነት የጠቀመው ይመስለኛል። ሲልቨር ክሎራይድ የሚባለው ነጭ ዱቄት ብርሃን ሲነካው ይጠቁራል። ካርል ሼለ የተባለው ኬሚስት ደግሞ ከሃያ ዓመት በፊት፣ ዱቄቱ ከሌሎቹ ቀለሞች ይልቅ በሐምራዊው ሥር ቶሎ እንደሚጠቁር አሳይቶ ነበር።

እ.ኤ.አ. ፌብሩዋሪ 22 ቀን 1801 ሪተር የተበተነውን ብርሃን ሲልቨር ክሎራይድ በተቀባ ወረቀት ላይ ጣለው። በቀዩ በኩል ለውጡ ከቁጥር የሚገባ አልነበረም። ወደ ሐምራዊው ሲጠጋ ጠቆረ። ከሐምራዊው አልፎ፣ ለዓይን ባዶ ወረቀት በሆነው ቦታ ላይ ደግሞ ከሁሉም በላይ ጠቆረ። ምንም የማይታይ ነገር ወረቀት ያጠቁራል ማለት ነው። በቃ፣ ተገኘ።

ኬሚስትሪ ላብራቶሪ የገባ ሰው ይሄን ዱቄት ያውቀዋል። ሲልቨር ናይትሬት ላይ የጨው ውሃ ጠብ ሲደረግ የሚወርደው ነጭ ዝቃጭ ነው። መስኮት አጠገብ ረስታችሁት ስትመለሱ ግራጫ ሆኖ ይጠብቃችኋል። ብርሃኑ ክሎሪኑን ከብሩ ይለያየዋል። ጥቁር መስሎ የሚታየው የቀረው ደቃቅ ብር ነው። ጥቁርና ነጭ ፎቶ በነበረበት ዘመን የፒያሳ ፎቶ ቤቶች ጨለማ ክፍል ውስጥ የሚያጥቡት ወረቀትም የዚህ የብር ጨው የቅርብ ዘመድ ነው። እናትና አባታችሁ የሠርግ ፎቶ ካላቸው የሪተር ዱቄት ዘር አልበም ውስጥ ተቀምጧል።

ቀኑ በእኛ አቆጣጠር መቼ ነው?

የካቲት 16 ቀን 1793 ዓ.ም.፣ የኪዳነ ምሕረት ዕለት። ሳሰላው ራሴም ገረመኝ። አገሩ ዘመነ መሳፍንት ነው። አራት ኪሎ ቀርቶ አዲስ አበባ ራሷ ገና አልተቆረቆረችም።

"አልትራቫዮሌት" የሚለውን ስም ያወጣው እሱ ነው?

አይደለም። እሱ ያላቸው ኦክስጅን ነጣቂ ጨረሮች ነው። የዘመኑ ኬሚስትሪ ሁሉንም ነገር በኦክስጅን ይተረጉም ስለነበር ነው። በኋላ ሰዎች ኬሚካል ጨረር አሏቸው። የዛሬው ስም የመጣው እዚያው 19ኛው ክፍለ ዘመን ውስጥ፣ ግን እሱ ከሞተ በኋላ ነው። እንግሊዛዊው ዊሊያም ዎላስተንም ከሪተር ሳይሰማ ብዙም ሳይቆይ እዚያው ውጤት ላይ ደርሷል። ቶማስ ያንግ ደግሞ በብር ጨው የተነከረ ወረቀት ተጠቅሞ፣ ይሄ የማይታይ ጨረር ልክ እንደሚታየው ብርሃን እርስ በርሱ እየተደራረበ ቀለበት እንደሚሠራ አሳየ። ስለዚህ ሌላ ነገር ሳይሆን ያው ብርሃን ነው። ዓይናችን ብቻ ነው የማይደርስበት።

እውነት ራሱን በኤሌክትሪክ ያሰቃይ ነበር?

እውነት ነው። ተማሪዎች ከሁሉም በላይ የሚወዱት ይሄን ክፍል ነው። እኔ አልወደውም።

እ.ኤ.አ. በ1800 ጣሊያናዊው ቮልታ የመጀመሪያውን ባትሪ አስተዋወቀ። የብርና የዚንክ ሳህኖች በየመሀላቸው ጨው ውሃ የነካው ጨርቅ እየገባ ይደረደራሉ። ሪተርም ወዲያው የራሱን ደረደረ። ችግሩ ኤሌክትሪኩን በምን ይለካዋል? የአሁኑ ዓይነት አምፒር መለኪያ የለም። ያለው የእንቁራሪት እግር ነው፤ ሲነካ ይንፈራገጣል። ወይ ደግሞ የገዛ ሰውነት።

ሪተር ሰውነቱን መረጠ። ሽቦውን ምላሱ ላይ አደረገ። በአንዱ ጫፍ ጎምዛዛ፣ በሌላው የአመድ ውሃ የሚመስል ጣዕም አገኘ። ልጅ ሆነን ባትሪ ድንጋይ ሠራ አልሠራ ብለን በምላሳችን የሞከርን ሰዎች ይሄ አይገርመንም። እሱ ግን እዚያ አላቆመም። ወደ አፍንጫው፣ ወደ ጆሮው፣ ወደ ዓይኑ ወሰደው። ዓይኑ ውስጥ ቀለም አየ፣ ጆሮው ውስጥ ድምፅ ሰማ። ሁሉንም እየመዘገበ የባትሪውን ጉልበት ጨመረ፤ ደጋገመ። ሕመሙን ለመቻል መጠጥና ኦፒየም የሚባለውን አደንዛዥ ዕፅ ይወስድ ነበር። ጤናው እየተበላሸ ሄደ።

ጀግንነት ነው የሚሉ አሉ። ለእኔ እንደዚያ አይመስለኝም። ብርሃኑን በወረቀት ሲለካ ውጤቱን ማንም ሰው ደግሞ ማየት ይችል ነበር። በሰውነቱ ሲለካ ግን መለኪያውም ተለኪውም እሱ ሆነ። መለኪያው ደግሞ እየታመመ ነው። የታመመ መለኪያ ምን ይነግራል?

ከዚህ ሌላ ምን ሠራ?

ብዙ ነገር። እንግሊዞቹ ኒኮልሰንና ካርላይል እ.ኤ.አ. በ1800 ውሃን በኤሌክትሪክ ከፋፈሉ። ሪተርም በዚያው ዓመት ይሄንኑ ሠርቶ ሃይድሮጅኑንና ኦክስጅኑን ለየብቻ አጠራቀመ። በ1802 ደረቅ ባትሪ ሠራ። በ1803 ደግሞ ከሌላ ባትሪ ተሞልቶ መልሶ ኤሌክትሪክ የሚሰጥ የሳህን ድርድር ሠራ። ቻርጅ የሚደረገው ባትሪ አያት መሆኑ ነው። መብራት ሲጠፋ ፓወር ባንክ የምታወጡ ሰዎች ውለታ አለባችሁ።

ታዲያ ለምን እንደ ቮልታ አልታወቀም?

አንደኛ ጽሑፉ። ግማሹ ሙከራ፣ ግማሹ ቅኔ ነው። ጓደኞቹ ገጣሚዎችና ፈላስፎች ነበሩና የእነሱ አጻጻፍ ተጋብቶበታል። አንባቢው ሰሙን ከወርቁ ለመለየት ይቸገራል።

ሁለተኛ፣ ያቺ የጥንድነት እምነት። አንድ ቀን አልትራቫዮሌትን ሰጥታዋለች። ሌላ ቀን ግን መሬት እንደ ማግኔት የኤሌክትሪክ ዋልታዎች አሏት አሰኘችው፤ ሌሎች ሲሞክሩት አልሠራም። ወደ ሙኒክ ተዛውሮ የባቫሪያ ሳይንስ አካዳሚ አባል ከሆነ በኋላ ደግሞ ካምፔቲ የተባለ ጣሊያናዊ ገበሬ አገኘ። ሰውዬው ከመሬት በታች ያለ ውሃና ማዕድን ይሰማኛል ይል ነበር። ሪተር አመነው፤ ጥናት ብሎ ተነሳ፤ መጽሔት ሁሉ አወጣለት። የሥራ ባልደረቦቹ ሸሹት። እ.ኤ.አ. ጃንዋሪ 23 ቀን 1810 ሙኒክ ውስጥ፣ ሚስትና ልጆቹን ትቶ፣ በችግር ውስጥ ሞተ።

አንድ ነገር ግን ሳልነግራችሁ አላልፍም። እ.ኤ.አ. በ1803 ለዴንማርካዊው ጓደኛው ለኦርስቴድ ደብዳቤ ጽፎ ነበር። ትልልቅ የኤሌክትሪክ ግኝቶች የሰማይን ዑደት ተከትለው ይመጣሉ፣ ቀጣዩ በ1819 ማብቂያ ወይም በ1820 ነው የሚል። ኦርስቴድ በ1820 ኤሌክትሪክ ያለበት ሽቦ የኮምፓስን መርፌ እንደሚያዞር አገኘ። ያገኘው ራሱ ደብዳቤው የተጻፈለት ሰው! ግጥምጥሞሽ ነው። ክፍል ውስጥ ይሄን ስናገር ግን ዝምታ ይወርዳል።

አዲስ አበባ ላይ ጨረሩ ይበረታል የሚባለው እውነት ነው?

አዎ፣ በጣም። በግምት ከፍታ በ1,000 ሜትር በጨመረ ቁጥር አልትራቫዮሌት በ10 በመቶ ይጨምራል፤ ከላያችን ያለው አየር ይሳሳልና። ዬና ከባሕር ጠለል በላይ 150 ሜትር ግድም ላይ ናት። እኛ ከ2,300 ሜትር በላይ ነን። በከፍታው ብቻ ከሃያ በመቶ በላይ እንበልጣለን።

ዋናው ግን የፀሐይዋ አቀማመጥ ነው። ሪተር በሞከረበት ዕለት ዬና ላይ እኩለ ቀን የነበረችው ፀሐይ ከአድማሱ 29 ዲግሪ ያህል ብቻ ነው ከፍ ያለችው። በዚያው ቀን አራት ኪሎ ሐውልቱ ጋ ለቆመ ሰው 71 ዲግሪ ላይ ትሆናለች። በሚያዝያ የመጀመሪያ ሳምንትና በነሐሴ መጨረሻ ግድም ደግሞ ቀጥ ብላ አናታችን ላይ ትወጣለች፤ ጥላችን እግራችን ሥር ይገባል። ጨረሩ በአጭሩ መንገድ ይመጣል፤ ኦዞን፣ ከላይ ሰማይ ላይ ያለው ጨረሩን የሚውጥ ጋዝ፣ የሚበላለትም ትንሽ ነው። ሪተር ያንን ወረቀት እዚህ ይዞ ቢመጣ ኖሮ ብዙ ባልጠበቀ።

የእኛን ሰው የሚያታልለው ብርዱ ነው። ታኅሣሥ ውስጥ ከለገሃር በቸርቸል ጎዳና ሽቅብ ስትወጡ ነፋሱ ይቆነጥጣል። "ፀሐይዋ ለስላሳ ናት" ትላላችሁ። ሙቀት የሚሰማን ግን በአብዛኛው ከሚታየው ብርሃንና ከኢንፍራሬድ ነው፤ አልትራቫዮሌት አይሰማም። ቀጭን ደመናም ብዙ አይከለክለውም። ከጠዋቱ አራት ሰዓት እስከ ዘጠኝ ሰዓት ባለው ጊዜ ጥላ የሚይዙ፣ ነጠላ አናታቸው ላይ ጣል የሚያደርጉ እናቶች ትክክል ናቸው። ታክሲ ሰልፍ ላይ ጋዜጣ አናቱ ላይ የሚዘረጋውም እንደዚያው።

ጥቁር ቆዳ አይጎዳም አይደል?

ቆዳን የሚያጠቁረው ቀለም፣ ሜላኒን፣ ብዙ ይከላከላል፤ ሁሉንም ግን አይደለም። ዓይን ደግሞ ሌላ ጉዳይ ነው። ለብዙ ዓመት የተጠራቀመ አልትራቫዮሌት የዓይን ሞራ ከሚያመጡት ነገሮች አንዱ ነው። አልቢኒዝም ላለባቸው፣ ማለትም ይሄ ቀለም ለሌላቸው ወይም ላነሳቸው ወገኖቻችን ባርኔጣ፣ ረጅም እጅጌና የፀሐይ ክሬም ቅንጦት አይደሉም፤ የቆዳ ካንሰር መከላከያ ናቸው።

የፀጉር ቤት ፖስተር ለምን ሰማያዊ ብቻ ሆኖ ይቀራል?

ይሄን የጠየቀችኝ የአሥረኛ ክፍል ተማሪ ናት። በጣም ነው ደስ ያለኝ፤ በየቀኑ እያየነው የማንጠይቀው ነገር ስለሆነ። የሕትመት ቀለም ከሰማያዊ፣ ከሮዝማ ቀይ፣ ከቢጫና ከጥቁር ይሠራል። ቢጫውና ቀዩ ብርሃን ሲመታቸው ቶሎ ይፈርሳሉ፤ ሰማያዊው ይጸናል። መስኮት ላይ የተለጠፉት ሞዴሎች ከሁለት ሦስት ዓመት በኋላ ከሌላ ዓለም የመጡ የሚመስሉት ለዚህ ነው። ፊታቸው ሰማያዊ፣ ጥርሳቸው ሰማያዊ።

መስታወት እኮ ይከላከላል ትሉ ይሆናል። ግማሹን ነው። አልትራቫዮሌት በሦስት ይከፈላል። ሲ የሚባለውን ከላይ ኦዞንና አየሩ ይጨርሱታል። ቢ የሚባለው ጥቂቱ ይደርሰናል፤ ተራ መስታወት አያሳልፈውም። ኤ የሚባለው ግን መስታወቱን በአብዛኛው ያልፋል። አራት ኪሎ ጋዜጣ በሳንቲም ተከራይተን ስናነብ የነበርን ሰዎች ደግሞ ፀሐይ ላይ የዋለ ጋዜጣ በቀናት ውስጥ እንዴት ቢጫ እንደሚሆን እናስታውሳለን። እሱም የዚሁ ብርሃን ሥራ ነው።

ሕፃን ፀሐይ ማሞቅ ከዚህ ጋር ይገናኛል?

በቀጥታ። ቢ የተባለው ክፍል ቆዳ ላይ ሲያርፍ ሰውነት ቫይታሚን ዲ ይሠራል። እሱ ሲጎድል የልጆች አጥንት ይለሰልሳል፣ እግር ይጎብጣል። ስለዚህ አያቶቻችን ትክክል ነበሩ። መስኮቱን ዘግቶ በመስታወት በኩል ማሞቅ ግን ፀሐይ ማየት ብቻ ነው፤ ቢው ውጭ ይቀራል። ኮንዶሚኒየም ውስጥ ለሚያሳድጉ ሰዎች ይቺ ወሳኝ ናት። ስንት ደቂቃ የሚለውን ጤና ጣቢያ ጠይቁ። የቀትር ፀሐይ ላይ ግን አታውጡ።

የብየዳ እሳት ማየት ዓይን ያጠፋል ይባላል። እውነት ነው?

በራሴ ደርሶብኛል። ዩኒቨርሲቲ እያለሁ የአንድ ግቢ በር ሲበየድ ቆሜ አየሁ። ምንም አልተሰማኝም። ሌሊት ስምንት ሰዓት ላይ ዓይኔ ውስጥ አሸዋ የተደፋ መስሎኝ ነቃሁ። የብየዳ ብልጭታ ኃይለኛ አልትራቫዮሌት ይረጫል፤ የዓይንን የፊት ሽፋን ያቃጥለዋል፤ ሕመሙ የሚመጣው ከሰዓታት በኋላ ነው። አብዛኛውን ጊዜ በአንድ ሁለት ቀን ይድናል። እየተደጋገመ ከሆነ ግን ቀልድ አይደለም። በያጁ ማስኩን ሳያወርድ ሲሠራ ካያችሁት ንገሩት። "ለምጄዋለሁ" ይላችኋል። ዓይን ግን አይለምደውም።

ከሪተር በኋላ ማን ቀጠለው?

ባጭሩ፣ ሁለት ስም ያዙ። ጀርመናዊው ቪክቶር ሹማን አየርና ጄላቲን (የፎቶ ሳህን ላይ የብር ጨውን የሚይዘው ሙጫ) ጨረሩን እንደሚውጡት አይቶ መሣሪያውን ከአየር ባዶ አደረገ፤ የፎቶ ሳህኑንም ከሞላ ጎደል ያለ ጄላቲን ሠራ። አሜሪካዊው ቴዎዶር ላይማን ሃርቫርድ ላይ ይሄን ይዞ የበለጠ ራቀ፤ ሃይድሮጅን ሲያበራ የሚያወጣቸውን የአልትራቫዮሌት መስመሮች አገኘ። መጽሐፋችሁ ላይ ላይማን ሲሪስ የሚለው እሱ ነው። የመጀመሪያዋ መስመር 121.6 ናኖሜትር ላይ ናት። ለፈተና ትመጣለች፣ ያዟት።

እኛስ ቤት ውስጥ ልናየው እንችላለን?

ሲልቨር ናይትሬት ውድ ነው፤ እጅም ያጠቁራል። የሚቀለው ይሄ ነው። ሐሰተኛ ብር የሚለዩባትን ትንሽ ሐምራዊ መብራት ፈልጉ፤ ብዙ ሱቅ አለች። መብራቷን ዓይናችሁ ውስጥ አታብሩ። ማታ መብራት አጥፍታችሁ መጀመሪያ በእጥበት ዱቄት የታጠበ ነጭ ሸሚዝ ላይ አብሩ። ያበራል። ዱቄቱ ውስጥ የማይታየውን ጨረር ተቀብሎ የሚታይ ሰማያዊ የሚያደርግ ነገር ስላለ ነው።

ቀጥሎ ሁለት ብርጭቆ አስቀምጡ። በአንዱ ቶኒክ፣ በሌላው አምቦ ውሃ። በቀን ብርሃን ካልቀመሳችሁ በስተቀር አትለዩአቸውም። በመብራቷ ሥር ግን ቶኒኩ ሰማያዊ ሆኖ ይፈካል። ውስጡ ያለው ኩዊኒን የሚባል መራራ ንጥረ ነገር ነው። ይሄን ሰማያዊ ፍካት እ.ኤ.አ. በ1845 አስተውሎ የጻፈው ጆን ኸርሼል ነው፤ የዚያ ቴርሞሜትር የደረደረው ሰውዬ ልጅ። አምቦው ዝም ይላል።